ባቡሩ ጎንበስ ብሎ መጣ፣ ፌርማታው ግን ከደረጃው አልወረደም

ወገኖቼ፣ ይህ ረዘም ያለ ጽሑፍ ነው። የቸኮለ ይለፈው፤ ሳያነቡ ኮሜንት መጻፍ ግን ለዛሬ ይቅርብን።

ኅዳር 24 የዓለም የአካል ጉዳተኞች ቀን ስለነበር በዚያ ዕለት ስለ አዲስ አበባ ቀላል ባቡር አራት መስመር ጽፌ ነበር። ያልኩት ይህችን ብቻ ነው፦ በዊልቸር የሚሄድ ወንድማችን፣ በክራንች የምትሄድ እህታችን፣ ጉልበታቸው የደከመ እናቶቻችን መሳፈሪያው ድረስ መድረስ ካልቻሉ ባቡሩን የከተማው ሕዝብ ባቡር ብለን መጥራት አንችልም። ከዚያ በኋላ ኮሜንቱ እንደ ዝናብ ወረደ። "መምህር፣ ሶባ ቁጭ ብለህ ስለ አዲስ አበባ ፌርማታ ምን አገባህ?" ያለ አለ። "ሰው በጦርነት እያለቀ አንተ ስለ ሊፍት ታወራለህ" ያለም አለ። ከሁሉ የበዛው ግን "ድሃ አገር ነን፣ ባቡሩ መምጣቱ ራሱ ትልቅ ነገር ነው፣ የአካል ጉዳተኛው ነገር ቀስ ብሎ ይደርሳል" የሚለው ነው።

ይህን የመጨረሻውን ያሉት ክፉ ሰዎች አይደሉም። አብረን ሐፍላ የምንጋፋ፣ በአንድ ትሪ የበላን ሰዎች አሉበት። ስለዚህ ነው ላይክ አድርጌ ማለፍ ያልቻልኩት። ክፉ ሰው ቢለው ይሻል ነበር፤ ደግ ሰው ሲለው ግን እውነት ይመስላል።

ብዙዎቻችሁ ከአገር የወጣችሁት ባቡሩ ከመምጣቱ በፊት ነው፣ ወይም ገና ቁፋሮው መንገዱን ሲያምሰው። ስለዚህ ነገሩን ከሥሩ ላስረዳ። ግንባታው የተጀመረው በ2004 ዓ.ም. ነው። ከምኒልክ አደባባይ ቃሊቲ የሚሄደው መስመር መስከረም 9 ቀን 2008 ዓ.ም. ሥራ ጀመረ፤ ከአያት ጦር ኃይሎች የሚሄደው በዚያው ዓመት ጥቅምት መጨረሻ ላይ ተከተለ። ሁለቱ አንድ ላይ 34 ኪሎ ሜትር ገደማ ናቸው፣ 39 ጣቢያ አላቸው። ወጪው 475 ሚሊዮን ዶላር ነው፤ ከዚህ ውስጥ 85 በመቶው ከቻይናው ኤግዚም ባንክ የተገኘ ብድር ነው። ሲጀመር ቲኬቱ እንደ ርቀቱ ከ2 ብር እስከ 6 ብር ነበር። እንደዚህ ርካሽ መጓጓዣ ለማን ነው የሚያስፈልገው? ደመወዝ ለሌለው፣ ጡረታው ለማይበቃው፣ ተቀጥሮ መሥራት ለከለከሉት ሰው አይደለም እንዴ? ያንን ያዙልኝ፣ እመለስበታለሁ።

አሁን ማንም የማያነሳው ነገር ላይ ደረስን። የተገዙት 41 ባቡሮች ተራ ባቡሮች አይደሉም። ከወለላቸው 70 በመቶው ዝቅ ያለ ነው። የድሮው የጅቡቲ ባቡር ትዝ የሚላችሁ ታውቃላችሁ፤ ወለሉ ከጎማው በላይ ስለሆነ እንደ መሰላል ተንጠላጥሎ ነበር የሚወጣበት። የዚህኛው ወለል ግን በጎማዎቹ መካከል ዝቅ ተደርጎ ከጉልበት በታች ወርዷል፣ በሩ ሲከፈት ከመሳፈሪያው መድረክ ጋር እንዲቀራረብ። ይህን ማድረግ ለፋብሪካው ቀላል ሥራ አይደለም። በወለሉ ሥር የነበረው ዕቃ ሁሉ ቦታ ይቀየርለታል፣ ገሚሱ ጣሪያ ላይ ይወጣል፣ ዲዛይኑ ይወሳሰባል፣ ዋጋውም ይጨምራል። ዓለም ይህን ድካም የደከመው ለውበት አይደለም። ዊልቸር ተንከባሎ እንዲገባ፣ ሽማግሌ እግሩን ሳያነሳ እንዲራመድ፣ ሕፃን ያዘለች እናት እንዳትደናቀፍ ነው።

እንግዲህ እኛ ለዚህ ዝቅ ላለ ወለል በዶላር ከፍለናል። ተበድረን ከፍለናል። ባቡሩ ከቻይና ድረስ ጎንበስ ብሎ መጣልን። ከዚያ ምን አደረግን? ወደ ባቡሩ የሚያደርሰውን መንገድ ደረጃ አደረግነው።

ከልደታ በተግባረ ዕድና በሜክሲኮ አድርጎ ወደ ለገሃር የሚሄደውን ክፍል አስቡት፤ ሁለቱም መስመሮች በአንድ ላይ የሚጓዙበት፣ ሐዲዱ በድልድይ ላይ የተሰቀለበት ነው። ከተማው መሃል ማለት ይህ ነው። ፍርድ ቤቱ፣ መሥሪያ ቤቱ፣ ትምህርት ቤቱ በዚህ ዙሪያ ነው፤ ጥቁር አንበሳም ሩቅ አይደለም። ከታች ሆነህ ቀና ስትል ባቡሩ ከራስህ በላይ ያልፋል። ሊፍትና ተንቀሳቃሽ ደረጃ አብሮ ተገጥሟል፣ ይህን አልክድም። ግን ቆሟል። አንዳንዴ ይሠራል፣ ብዙውን ጊዜ አይሠራም። የተሳፈረ ሁሉ የሚያውቀው ነገር ነው። እግር ያለው ሰው የቆመውን ተንቀሳቃሽ ደረጃ እንደ ተራ ደረጃ ረግጦ ይወጣና ነገሩን እዚያው ይረሳዋል። እግር የሌለው ግን የቆመ ሊፍትን ረግጦ የሚወጣበት መንገድ የለውም። ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ የተባለው ለእንደዚህ ያለ ነገር ነው።

መሬት ላይ ያሉት ጣቢያዎችስ? በአያትና በሲኤምሲ በኩል፣ በቃሊቲም በኩል፣ ሐዲዱ በዋናው መንገድ መሃል ነው የሚሄደው፣ ግራና ቀኙ ታጥሯል። መድረኩ ራሱ ዝቅ ያለ ነው፣ ችግሩ እሱ አይደለም። ችግሩ ከሰፈር እስከ መድረኩ ያለው ነው። ከእግረኛ መንገዱ ለመውረድ ጠርዝ አለ። ሲኖትራክና ሚኒባስ የሚጋልብበት ሰፊ መንገድ ማቋረጥ አለ። ማቋረጫው ካልተመቸ ያለው አማራጭ የእግረኛ ድልድይ ነው፣ እሱም ደረጃ ነው። ማለትም መሬት ላይ ላለ ባቡር ወደ ሰማይ ወጥተህ ትወርዳለህ። ባቡሩ ከመምጣቱ በፊት መንገዱን አቋርጦ ጎረቤቱን ይጠይቅ የነበረ አካል ጉዳተኛ አጥሩ ከተሠራ በኋላ ሰፈሩ ለሁለት ተከፍሎበታል። ልማቱ ለእሱ ቅነሳ ሆኖ መጣ።

"ምን አገባህ" ላለኝ ሰው መልሴ እዚህ ላይ ይጀምራል።

አክስቴ ከነዚህ ፌርማታዎች ባንዱ አጠገብ ነው የሚኖሩት፤ የትኛው እንደሆነ አልናገርም። ሁለት ጉልበታቸውን ያማቸዋል። በየወሩ ሐኪም ቤት ቀጠሮ አላቸው፣ ሐኪም ቤቱም በባቡሩ መስመር ላይ ነው። ከመስኮታቸው ባቡሩን ያዩታል። ግን የሚሄዱት በኮንትራት ታክሲ ነው፤ ባለፈው ወር ለመሄጃ 250፣ ለመመለሻ 250 ብር ከፍለዋል። ይህ ገንዘብ ከየት ይመጣል? ከዚህ ነው። ከሶባ፣ ከጀሬፍ፣ ከዴም። ታናሽ እህቴ በሰው ቤት ወለል ጠርጋ፣ እኔ ጠመኔ አቡንኜ፣ በሐዋላ ከላክነው። በጥቂት ብር የሚያልቅ መንገድ 500 ብር የፈጀው ባቡር ስለሌለ አይደለም። ባቡሩ አለ። ልዩነቱን የምንከፍለው ለደረጃው ነው። እስቲ ይህን ጽሑፍ የምታነቡ ሁሉ ከምትልኩት ላይ ስንቱ ለኮንትራት ታክሲ እንደሚሄድ ዘመዶቻችሁን ጠይቁ። በዚች ሙቀት ቆማ ሻይ የምትሸጥ እህታችን አዲስ አበባ ላለ ደረጃ ቀረጥ እየከፈለች ነው። ታዲያ እኛን ያላገባን ማንን ሊያገባ ነው?

ብድሩን ደግሞ አትርሱ። ብድሩ የሚከፈለው ከአገሪቱ ኪስ ነው። ዊልቸር ላይ ያለውም ሰው ሳሙና ሲገዛ ቀረጥ ይከፍላል። ባቡሩን የማይሳፈር ሰው የባቡሩን ዕዳ ይከፍላል፤ ለቆመው ሊፍት ሳይቀር።

አሁን ወደ "ድሃ አገር ነን" እንምጣ። ሒሳብ እንሥራ፣ መምህር ነኝና ታገሡኝ።

ራምፕ ማለት ደረጃ የሌለው፣ ተዳፋት ሆኖ የሚወጣ መንገድ ነው። በብዙ አገር የሚሠራበት ልክ አንድ ለአሥራ ሁለት ነው፤ 1 ሜትር ከፍ ለማለት 12 ሜትር ርዝመት። ከዚያ የቀጠነ ከሆነ ዊልቸሩ ወደ ኋላ ይንሸራተታል፣ የሚገፋውም ሰው ይደክማል። እንግዲህ 7 ሜትር ከፍታ ላይ ለተሰቀለ መድረክ ብንሠራው 84 ሜትር ይሆናል፣ በየመሃሉ ማረፊያ ሲጨመር ከዚያም ያልፋል። ለተሰቀሉት ጣቢያዎች ራምፕ ከባድ ነው፣ እቀበላለሁ። ለእነሱ ሊፍት ግድ ነው።

የእግረኛ መንገዱ ጠርዝስ? 15 ሴንቲ ሜትር ነው እንበል። በአሥራ ሁለት ስታባዙት 180 ሴንቲ ሜትር። አንድ ግንበኛ፣ አንድ ረዳት፣ ጥቂት ሲሚንቶና አሸዋ፣ ግማሽ ቀን። ከዚህ ላይ በአጥሩ መሃል ዊልቸር የሚያሳልፍ ክፍተት፣ መኪና የሚያቆም መብራት፣ መብራቱ ደግሞ በክራንች የሚሄድ ሰው ተሻግሮ እስኪጨርስ የሚጠብቅ። ይህ ነው ለመሬቱ ጣቢያ የሚያስፈልገው። 475 ሚሊዮን ዶላር ያገኘ ፕሮጀክት ለግማሽ ቀን ግንበኛ ድሃ ሊሆን አይችልም። እዚህ ላይ የጎደለው ገንዘብ አይደለም፤ ያ ሰው ይመጣል ብሎ ያሰበ ሰው ነው የጎደለው።

ስለ ሊፍቱም ቢሆን "ድሃ ነን" አይሠራም። ሊፍቱ ተገዝቷል፣ ተገጥሟል፣ ዕዳው ተጽፏል። የቀረው ጥገና ነው። "መብራት ይጠፋል" ይሉናል። ለባቡሩ ግን ለብቻው የኃይል ማከፋፈያ ጣቢያዎች ተሠርተውለታል፤ ያለ መብራት እንደማይሄድ አስቀድሞ ታስቦበታል። ለሊፍቱ ያልታሰበው ለምንድን ነው? ባቡሩ ከቆመ ዜና ይሆናል። ሊፍቱ ከቆመ አክስቴ ቤታቸው ይቀራሉ፣ ያ ደግሞ ዜና አይሆንም።

መለዋወጫና የውጭ ምንዛሪ የለም የሚለው ግማሽ እውነት ነው። ባቡሮቹ ራሳቸው በመለዋወጫ እጦት ብዙዎቹ ቆመው ነበር፣ ከ41ዱ ሰው ይጭኑ የነበሩት ጥቂቶቹ ነበሩ። ይህም ለእኛ ጉዳይ ሌላ መከራ ነው፤ ባቡሩ ሲያንስ ግፊያው ይበዛል፣ ግፊያው ሲበዛ ደረጃውን እንደምንም ተሸክመው ያወጡት ሰው በሩ ላይ ይቀራል። በሚጋፋ ሰው መሃል ዊልቸር ቦታ አያገኝም። ዓይነ ስውሩማ የሚቀጥለው ጣቢያ የቱ እንደሆነ የሚነግረው ድምፅ ካልሰማ በሰው ጫጫታ መሃል የት እንደሚወርድ በምን ያውቃል? ግን የምንዛሪ እጦት ጠርዙን እንዳናስተካክል አይከለክልም። ሲሚንቶ በዶላር አንገዛም።

ሕጉን እንይ ደግሞ፤ "ቀስ ብሎ ይደርሳል" ለሚሉት ከዚህ የተሻለ መልስ የለኝም። የሕንፃ አዋጅ ቁጥር 624 የወጣው በ2001 ዓ.ም. ነው። አንቀጽ 36 ሕዝብ የሚገለገልበት ሕንፃ ዊልቸር ለሚጠቀሙና መራመድ ችለው ደረጃ መውጣት ለማይችሉ ሰዎች የሚመች መግቢያ እንዲኖረው አዝዞ ነበር። "መራመድ ችለው ደረጃ መውጣት ለማይችሉ" የሚለውን አስተውሉ፤ አክስቴን በስማቸው የጠራቸው ያህል ነው። በ2002 ዓ.ም. ደግሞ በአዋጅ ቁጥር 676 አገሪቱ የተባበሩት መንግሥታትን የአካል ጉዳተኞች መብቶች ስምምነት አጸደቀች። የዚያ ስምምነት አንቀጽ 9 መጓጓዣን በስሙ ጠርቶ ተደራሽ ይሁን ይላል። የባቡሩ ግንባታ የተጀመረው መቼ ነው ያልነው? 2004።

ሕጉ ከባቡሩ ቀድሞ ደርሷል፣ ወገኖቼ። ሦስት ዓመት ቁጭ ብሎ ጠብቆታል። ቀስ ብሎ የሚደርስ ነገር የለም፤ የደረሰውን ነው ረግጠው ያለፉት። "ጣቢያ ሕንፃ አይደለም" የሚል ጠበቃ ካለ ይምጣና ይከራከረኝ፤ ጣሪያ፣ ግድግዳ፣ ደረጃና ቲኬት ቆራጭ ያለው፣ በቀን ሺዎች የሚረግጡት ነገር የሕዝብ ሕንፃ ካልሆነ ምን ሊሆን ነው?

ሕገ መንግሥቱም አንቀጽ 41 ላይ መንግሥት ለአካል ጉዳተኞችና ለአረጋውያን ድጋፍ እንዲያደርግ ይላል፤ አቅም በፈቀደ መጠን የምትል ሐረግ ግን አለችበት። ይቺ ሐረግ የስንት ቢሮ መሸሸጊያ እንደሆነች የሄደበት ያውቃል። አቅም ለምን እንደሚፈቅድና ለምን እንደማይፈቅድ የሚወስነው ግን ሰው ነው፤ አቅም በራሱ አፍ አውጥቶ አይናገርም።

"ሌላው ሀብታም አገር ነው" እንዳትሉኝ ደግሞ። የዴልሂ ሜትሮ የተከፈተው እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 2002 ነው። ሕንድ ያኔ ስንት ድሃ እንደነበረባት ታውቃላችሁ። ሊፍቱን፣ ራምፑን፣ ዓይነ ስውራን በእግራቸው እየዳሰሱ የሚሄዱበትን መስመር ከመጀመሪያው አስገቡት። ያ ወለል ላይ የሚነጠፍ ጎባጣ ጡብ ራሱ የመንግሥት ስጦታ አይደለም፤ ሴይቺ ሚያኬ የሚባል ጃፓናዊ በ1965 እ.ኤ.አ. ፈጠረው፣ በ1967 ኦካያማ ከተማ ውስጥ ከዓይነ ስውራን ትምህርት ቤት አጠገብ ለመጀመሪያ ጊዜ ተነጠፈ። አንድ ሰው ሰፈሩን አይቶ የጀመረው ነገር ነው።

በሀብታሙ አገርም ቢሆን ማንም ወድዶ አልሰጠም። አሜሪካ ዴንቨር ከተማ በሐምሌ 1978 እ.ኤ.አ. 19 አካል ጉዳተኞች አውቶቡሱ ደረጃ ስለነበረው መሳፈር አልቻሉም። ምን አደረጉ? ዊልቸራቸውን አውቶቡሶቹ ፊት ገትረው፣ ገሚሶቹም አስፋልቱ ላይ ተኝተው መንገዱን ዘጉት፣ ሌሊቱንም እዚያው አደሩ። አገር አቀፉ ሕግ የወጣላቸው ከ12 ዓመት በኋላ ነው። መንገድ ዝጉ እያልኩ አይደለም፤ አዲስ አበባ ላይ ያ ምን እንደሚያስከትል ከእናንተ ይልቅ እኔ አውቀዋለሁ፣ ለዚያም ነው ሶባ ያለሁት። ግን "ሲበለጽጉ ተሰጣቸው" የሚለው ታሪክ ውሸት መሆኑን እወቁልኝ።

እኛም ሰው አጥተን አይደለም። የትነበርሽ ንጉሤ ዓይነ ስውር የሕግ ባለሙያ ናት፣ የኢትዮጵያ የአካል ጉዳተኞችና ልማት ማዕከልን ከመሠረቱት አንዷ ናት፣ በ2017 እ.ኤ.አ. ዓለም አቀፉን የራይት ላይቭሊሁድ ሽልማት አግኝታለች። ዓለም ጠርቶ የሚያዳምጣት ሰው ያለባት አገር ፌርማታ ስትሠራ የሚያማክር አጣሁ ልትል አትችልም።

"ሰው በጦርነት እያለቀ" ላለኝ ደግሞ ይህን ልበል፤ ይህ ነው ከሁሉ የከበደኝ።

ጥቅምት 23 ፕሪቶሪያ ላይ ስምምነት ተፈረመ ሲባል እዚህ ሰፈር ሌሊቱን ያልተኛ ሰው ብዙ ነው። ገሚሱ አለቀሰ፣ ገሚሱ አላምንም አለ፣ በማግስቱ ግን ሁሉም ስለ መመለስ ማውራት ጀመረ። ማን ነው የሚመለሰው? ሁለት ዓመት ሙሉ ስንት ሰው እግሩን አጣ? ከየትኛውም ወገን ይሁን፣ እዚህ ላይ ፖለቲካ አልገባም። ጦርነት ሲያልቅ ክራንች ይበዛል። ፈንጂ ገና በየማሳው አለ። ስለ ሊፍት የማወራው ጦርነቱን ረስቼ አይደለም፤ ጦርነቱ ሲያልቅ በየከተማው አውቶቡስ ተራ የሚወርዱት እነማን እንደሆኑ ስለማውቅ ነው። አሁን ያልተጠየቀ ራምፕ ያኔ አይበቅልም።

ጎረቤቴ አንድ ወጣት አለ፣ ስሙን አልጠራም፣ አንድ እግሩ ከጉልበቱ በታች የለም። ሶባ ውስጥ ለእሱ የሚሆን መጓጓዣ አንድ ነው፣ ራክሻ። ራክሻ ወለሉ ዝቅ ያለ ነው፣ በር ድረስ ይመጣል፣ ግን እንደ ሐፍላ በሳንቲም አይሄድም። ሐፍላውን ከሞከረ መውጫው ከፍ ያለ ነው፤ ኩምሳሪው ክራንቹን ሲያይ ጠረጴዛውን እንደመታ ሁሉ በእጁ የሐፍላውን ጎን ደብደብ አድርጎ ለሾፌሩ "ያላ" ይለዋል፣ ሳይቆሙለት ይሄዳሉ። ሱዳንም ስምምነቱን በ2009 እ.ኤ.አ. አጽድቃለች፣ ወረቀቱ እዚህም አለ። ይህ ልጅ ግን አዲስ አበባ ሲመለስ በባቡር እንደሚሄድ ነው የሚያስበው። ቪዲዮውን በስልኩ አይቶታል። "ወለሉ ዝቅ ያለ ነው አይደል፣ መምህር?" ብሎ ጠየቀኝ። አዎ፣ ዝቅ ያለ ነው። ይህ እውነት ነው። ሌላውን ግማሽ እውነት እሱ ከመድረሱ በፊት ማን ያስተካክልለት? ለእሱ ልትሉት የምትፈልጉት "ድሃ አገር ነን" የሚለውን ከሆነ ቤቱን አሳያችኋለሁ፣ መጥታችሁ ራሳችሁ ንገሩት።

በነገራችን ላይ፣ ስብሰባ ሲጠሩ አዳራሹን ሁለተኛ ፎቅ ላይ የሚከራዩ የማኅበር መሪዎቻችንም ይህን ጽሑፍ ያንብቡት። ምድር ቤቱ ዋጋው ያው ነው።

አዲስ አበባ ያላችሁ ዘመዶቼ፣ አሁን የምለምነው እናንተን ነው። ስለ ባቡሩ በጠቅላላው አታውሩልኝ፣ በጠቅላላ የተወራ ነገር ማንንም አያስደነግጥም። የራሳችሁን ፌርማታ ውሰዱ። ከሰፈራችሁ ተነስታችሁ እስከ ባቡሩ በር ድረስ ሂዱና ደረጃዎቹን ቁጠሩ። ጠርዞቹን ቁጠሩ። ሊፍት ካለ ቁልፉን ተጫኑት፣ ካልሠራ ቀኑን ጻፉ፣ በሳምንቱ ተመልሳችሁ ተጫኑት። ከቻላችሁ ክራንች ከሚይዝ ወይም ዊልቸር ከሚገፋ ሰው ጋር ሂዱ፤ እናንተ ያላያችሁትን ጉድጓድ እሱ ያያል። ከዚያ በዚያ ፌርማታ ስም፣ ለወረዳችሁና ለባቡሩ አስተዳደር፣ ቀን ያለው ማመልከቻ አስገቡ፣ የሕንፃ ሕጉን ጥቀሱ፣ ቅጂው ላይ የደረሰበት ማህተም አስመቱ። ማህተሙን አደራ። ያለ ማህተም "አልደረሰንም" ነው መልሱ።

መጻፍ የማይመቻችሁ ካላችሁ በኢንቦክስ የቆጠራችሁትን ላኩልኝ፣ ማመልከቻውን እኔ አረቅላችኋለሁ። እስካሁን ሁለት ሰው ልኮልኛል፤ አንዱ 46 ደረጃ ቆጥሯል፣ ሌላዋ ልጅ አዝላ ስለነበር ቁጥሩ መሃል ላይ ጠፍቶባት ነገ እደግመዋለሁ ብላለች።